ጥላ የሌለበት ቀትር

አብዱልጀባር መሪውን ወደ ግራ ጠምዝዞ ፒክአፑን ከተቆፈረው አስፋልት ጠርዝ ሲያወጣው፣ ከኋላ በሰሌን ተጠቅልሎ በገመድ የታሰረው ድንጋይ አንድ ጊዜ ተንገጫግጮ ረጋ። ከኋላ ወንበር የተቀመጠው ደቻሳ በመስታወቱ በኩል ዞሮ ገመዱን ተመለከተ። ገመዱ አልላላም። ከፊት የተቀመጡት መምህር ወልደጻድቅ ግን ዘወር አላሉም። ከዘራቸውን በሁለት ጉልበታቸው መካከል ተክለው፣ ጥቁር ካባቸውን በትከሻቸው ላይ አደላድለው፣ በቦሌ መንገድ ላይ የሚርመሰመሰውን ሕዝብ ልክ እንደ ሰልፍ ተመልካች አለቃ ያዩት ነበር።

ዕለቱ ቅዳሜ፣ ሚያዝያ አምስት ቀን ሁለት ሺህ አሥራ ስድስት ዓመተ ምሕረት፣ ዘመነ ዮሐንስ ነበር። የአብዱልጀባር ስልክ አምስት ሰዓት ከሩብ ይላል።

«ትናንት እዚህ ጋ አደባባይ ነበረ» አለ አብዱልጀባር፣ በመስኮቱ አንገቱን አውጥቶ። «ዛሬ የለም። ይኼ የእኛ ጥፋት ነው ወይስ የኤክስካቫተር?»

«የኤክስካቫተር ነው» አለች ከደቻሳ አጠገብ የተቀመጠችው ሰምሃል፣ ከማስታወሻ ደብተሯ ቀና ሳትል። «የእኛ የገርጂው ነው። ዳቦ ቤቱ።»

«ደግሞ ዳቦ ቤቱ ምን ሆነ?»

«በሩ ወደ ፀሐይ መውጫ ነበር፤ አሁን ወደ መጥለቂያ ሆኗል። ባልየው ‹ከጥንትም እንዲህ ነው› ይላል። ሚስቲቱ ‹ሃያ ዓመት የጠዋት ፀሐይ እየመታኝ የሸጥሁት ታዲያ የት ነው?› ትላለች። ሦስት ቀን አልተነጋገሩም።»

«ሁለቱም እውነታቸውን ነው» አሉ መምህር ወልደጻድቅ። ድምፃቸው ከሰማንያ ሁለት ዓመት ደረት የሚወጣ አይመስልም ነበር። «በዚህ ወር ስንት ደረሰ?»

«አሥራ አንድ፣ የኔታ። አምና ዓመቱን ሙሉ ሦስት ነበር።»

«ከግቢያችን ጎን የሚሠራው ሕንፃ ነው። ጥላው አጥራችንን ነክቷል።»

ደቻሳ ይህን ሲሰማ ዓይኑን ወደ ጉልበቱ ሰበረ። ጉዳዩ ሕንፃው እንዳልሆነ ያውቃልና።

እነዚህ አራት ሰዎች ማኅበረ ዐቃብያነ ዕለት፣ ማለትም የዕለት ጠባቂዎች ማኅበር፣ ይባላሉ። ስማቸው በየትኛውም ጽሕፈት ቤት አልተመዘገበም፤ ማኅተም የላቸውም፤ ደጃቸው ላይ ሰሌዳ አልሰቀሉም። ሥራቸው ግን ከማኅተምና ከሰሌዳ በፊት የነበረ ነው። ቀን በራሷ አትቆምም፤ ሰዓቷን በትክክል የሚጠራላት ሰው ያስፈልጋታል። በትክክል የተጠራች ቀን ትረጋለች፤ የሆነው እንደ ሆነ፣ የነበረውም እንደ ነበረ ይጸናል። በስሕተት የተጠራች ቀን ግን እንደ ላላ ስፌት ናት። መጀመሪያ አንድ ክር ትለቃለች፤ በር ፊቱን ያዞራል፤ ሁለት እኅትማማቾች የእናታቸውን ሞት በሁለት የተለያየ ወር ያስታውሳሉ። አዲስ አበባ በየሳምንቱ በምትፈርስበትና በምትሠራበት በዚህ ዘመን ደግሞ ይህን የሚያስተውል ሰው የለም። ሁሉም ነገር በመንገድ ሥራ ይመካኛል። በዶዘር የፈረሰውን ከቀን ስፌት ካመለጠው መለየት የሰምሃል ፈንታ ነበር። እርሷ በሥራ ቀን የሁለተኛ ደረጃ የሒሳብ መምህርት፣ በቀረው ጊዜዋ የማኅበሩ ሰሚ ናት።

ሰዓት የሚጠራው ቋሚው ነው። ቋሚ ማለት በየዕለቱ ባዶ እግሩን በድንጋዩ ላይ ቆሞ ጥላውን በራሱ ጫማ፣ ማለትም በእግሩ ርዝመት፣ የሚያስለካ ሰው ነው። ቋሚው ረጅም ይሁን አጭር ለውጥ የለውም፤ ረጅም ሰው እግሩም ረጅም፣ አጭር ሰው እግሩም አጭር ነውና፣ ጥላው በራሱ ጫማ ሲለካ ሁሌም ከጥንቱ ሠንጠረዥ ጋር ይገጥማል። በሚያዝያ አምስት በሦስት ሰዓት ስድስት ጫማ ተኩል፤ በአራት ሰዓት አራት ጫማ ሊሆን ጥቂት ጎደል፤ በቀትር ምንም። ይህ ሥርዓት ከሰው የሚፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ቀጥ ብሎ መቆም።

መምህር ወልደጻድቅ በዚያ ድንጋይ ላይ ሠላሳ አንድ ዓመት ቆመዋል። ሃያ ሦስተኛው ቋሚ ናቸው። ደቻሳ ደግሞ ካልእ፣ ማለትም ሁለተኛ ነው። ጫማ ይቆጥራል፣ ቋሚው ሰዓቱን በጠራበት ቅጽበት የእጅ ሰዓቱ ስንት እንደሚል በመዝገብ ይጽፋል።

ወደዚህ ሥራ የገባው በአጋጣሚ ነበር። የደምቢዶሎ ወንጌላዊ ልጅ፣ የሃያ ስምንት ዓመት ጎልማሳ ቀያሽ ሳለ፣ የማኅበሩን የቦሌ ግቢ ድንበር ሊለካ መሣሪያውን በትከሻው አንጠልጥሎ ገባ። ሽማግሌው ከድንጋዩ ላይ ሆነው፣ «ያ መሣሪያህ ከእኔ እግር ጋር ይወዳደራል?» አሉት። ተወዳደረ። በግማሽ ደቂቃ ብቻ ተለያዩ። ስሕተቱም የተገኘው በመሣሪያው አቋቋም ላይ ነበር። በዚያው ቀን፣ «እኔ ጴንጤ ነኝ፤ የእናንተ ማኅበር ውስጥ ምን እሠራለሁ?» ብሎ ሲጠይቅ፣ «ፀሐይ መታወቂያ አትጠይቅም» ብለው መለሱለት። ከዚያ ወዲህ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሆነ። አባቱን የቀበረ ዕለት ከአጠገቡ ያልተለዩት እኒህ ሰው ነበሩ።

አሁን ግን የመምህሩ ጀርባ ጎብጧል። ጀርባ ይጎብጣል፤ እግር ግን አያጥርም። የጎበጠ ሰው ጥላ ያጥራል፤ ባላጠረ ጫማ ሲለካ ደግሞ ገና ሦስት ሰዓት ሳይደርስ ሦስት ሰዓት የሆነ ይመስላል። ደቻሳ ነገሩን ከሦስት ዓመት በፊት በቤቱ ጣሪያ ላይ መሣሪያውን ተክሎ አረጋግጧል። ሲጀመር አራት ደቂቃ ነበር፤ ዛሬ ጠዋት አሥራ አራት ደርሷል።

አራቱም ጉብጠቱን በዓይናቸው ያያሉ። ነገር ግን በዐቃብያን ዘንድ ያልተጠራ ነገር አልሆነም፤ ይህ የሙያቸው ምሰሶ ነው። ስለዚህ ማንም አልጠራውም። ዓለምን የሚያጸናው ሕግ እነርሱን አሳወራቸው። ደቻሳ ግን ከዝምታም ያለፈ ሠራ። መምህሩ የሳቱትን ደቂቃ በመዝገቡ ላይ እያቃና፣ የተጠራበትን ሳይሆን መጠራት የነበረበትን ይጽፍ ጀመር። በመዝገቡ ላይ እንከን የለም። ዕለቲቱ ግን የምትሰማው ድምፅን እንጂ መዝገብን አይደለም።

«ሠላሳ ደቂቃ አለን አይደል?» አለ አብዱልጀባር፣ በመገናኛ ማሳለጫ ሥር መኪናው እንደ ኤሊ ሲሳብ። «ስልኬ አምስት ተኩል ሊል ነው።»

«የስልክህ ሰዓት» አሉ መምህሩ፣ «ሩቅ ምሥራቅ፣ በሶማሌ ምድር ላይ ለቆመ ሰው የተቆረጠ ነው። እዚህ ቀትር የሚሆነው ስልክህ ስድስት ከሃያ አምስት ሲል ነው።»

«እንግዲያው አገሩ ሁሉ ምሳውን ቀድሞ ነው የሚበላው።»

«ጾም ያልያዘው ይብላ።»

«እኔ ጾሜን ከፈታሁ ሦስት ቀኔ ነው፣ የኔታ። ስለ ምሳ ባናወራ ይሻላል።»

መምህሩ ፈገግ አሉ። አብዱልጀባርን ይወዱታል። የእርሱ ዘር ከአምስት ትውልድ ጀምሮ የድንጋዩ ተሸካሚ ነው፤ ቅድመ አያቱ ድንጋዩን ከመንዝ በግመልና በበቅሎ እንዳመጣው ሲያወራ ጎረምሳ የልጅነት ፍቅሩን የሚያወራ ይመስላል።

ድንጋዩ ከመሬት የሚነሣው በዚህች ቀን ብቻ ነው፤ ፀሐይ በአናት ላይ ቀጥ ብላ፣ የቆመ ነገር ሁሉ ጥላውን በምትውጥበት ዕለት። እኅቷ ቀን በነሐሴ መጨረሻ ትመጣለች፤ እርሷ ግን ዘወትር በክረምት ደመና ውስጥ ናት። የሚያዝያዋም ብትሆን ባለፉት ሦስት ዓመታት በበልግ ደመና ተጋርዳ አልፋለች። ዛሬ ግን ሰማዩ እንደ ታጠበ ሳህን ጠርቷል። በቦሌው ግቢ ምሥራቅ የሚያድገው ሕንፃ በመጪው ሳምንት አንድ ወለል ቢጨምር የሦስት ሰዓቷን ፀሐይ ይጋርዳል፤ ደቻሳ ራሱ አስልቶታል። ስለዚህ ዛሬ መሄድ ግድ ሆነ። ሕጉም አጭር ነው፦ ድንጋዩ በተነሣበት ዕለት ቀትር በላዩ በቆመ ቋሚ በሰዓቷ ካልተጠራች፣ ማኅበሩ ይበተን።

ድንጋዩ ከመሬት ከተነሣ ጀምሮ ቀኒቱ መላላቷ ይታወቅ ነበር። በጉርድ ሾላ በኩል ያለው መንገድ ስለ ተዘጋ ወደ ላምበረት ሲያቀኑ፣ አንድ የቀን ሠራተኛ ከመንገዱ ዳር ዲጂኖውን ከራሱ በላይ አነሣ። የብረቱ ድምፅ ተሰማ። ከዚያ በኋላ ነው ዲጂኖው የወረደው። ሠራተኛው ቆም ብሎ ብረቱን አገላብጦ አየው፤ ጆሮውንም በጣቱ ኮረኮረ።

ሰምሃል ወደ ደቻሳ ጠጋ አለችና ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ጋሽ ደቻሳ፣ ዛሬ ደመና የለም።»

«አያለሁ።»

«ቀትር ላይ የቀና ሰው ጥላ ከእግሩ በታች ይገባል። ያልቀና ሰው ግን…»

«አትጨርሺው።»

«እኔ ሰሚ ነኝ። መናገር የካልእ ፈንታ ነው» አለችና ወደ መስኮቷ ዞረች። «አሥራ አንድ ቤት ነው፣ ጋሼ። በመጪው ወር የስንቱን በር ልቁጠር?»

ደቻሳ እንደገና ዞሮ ገመዱን ተመለከተ። በቋሚው አካል ላይ የሚመሰክር ካልእ ምን እንደሚጠብቀው ሁለቱም ያውቃሉ። ምስክርነቱ ሐሰት ሆኖ ከተገኘ ስሙ ከመዝገብ ይፋቃል። እውነት ከሆነ ደግሞ በዚያው ቅጽበት እርሱ በቋሚው ቦታ ይቆማል። የትኛው እንደሚከፋ ደቻሳ ሦስት ዓመት ሙሉ ሲያመዛዝን ኖሯል። አባት የሆነውን ሰው ከስፍራው ገፍቶ የሚቆምበት እግር ከየት ያመጣል?

በላምበረት አውቶቡስ ተራ ማዶ ትራፊክ ፖሊስ እጁን ዘረጋ። ስም መለያው ደጀኔ ይላል።

«መንጃ ፈቃድ። ከኋላ ምንድን ነው?»

«ድንጋይ ነው፣ ጌታዬ» አለ አብዱልጀባር።

«አዲስ አበባ ድንጋይ ጠፍቶ ነው ድንጋይ የምትጭነው? ፍታው።»

አብዱልጀባር ወርዶ የሰሌኑን ጫፍ ገለጠ። ጥቁር፣ ጠፍጣፋ፣ ሁለት ክንድ የማይሞላ ድንጋይ ነው፤ በመካከሉ ሁለት የእግር ቅርጽ አለ። በመሮ የተቀረጸ አይደለም፤ የተረገጠ ነው፤ ውኃ ደፍ እንደሚበላ ተረከዝና ጣት በልቶታል። ፖሊሱ መዳፉን ሊያሳርፍበት ቃጣና ተወው።

«የማን እግር ነው?»

መምህሩ መስኮቱን ዝቅ አደረጉ። «የሃያ ሦስት ሰው።»

«ሁሉም አንድ ቦታ ላይ ቆሙ?»

«አንዱ ሲወርድ አንዱ እየወጣ።»

ፖሊሱ መንጃ ፈቃዱን መለሰ። «ቀስ ብላችሁ ንዱት፣ አባቴ» አለ። ለምን ቀስ እንደሚባል የሚያውቅ ሰው ይመስል ነበር።

ከዚያ በኋላ አብዱልጀባር ቀስ አላለም። በሳሊተ ምሕረት በኩል ወጥቶ፣ የጋራ መኖሪያ ቤቶቹን ወደ ቀኝ ትቶ፣ ለሚ ኩራ ውስጥ ባለችው ጭንጫ ጉብታ ሥር ሲያቆም ስልኩ ስድስት ከአሥር ይል ነበር። ስፍራውን የመረጠው ደቻሳ ነው። ከምሥራቅም ከምዕራብም ሸለቆ ስላለ ሕንፃ አይቆምበትም። በስተ ሰሜን አንድ የመብራት ምሰሶ ብቻ አለ። ከጉብታው በታች ሠራተኞች የሕንፃ ብረት ይቀጠቅጣሉ፤ እዚያም ድምፁ ከመዶሻው ይቀድማል።

ደቻሳና አብዱልጀባር ድንጋዩን በሁለት አጣና ተሸክመው ወጡ። ሰምሃል ከኋላ አጣናውን ደግፋ፣ «ቅድመ አያትህ በግመል ነው ያልከው?» አለችው ለአብዱልጀባር፣ እያለከለከች።

«ግመሉ አልለገመም» አላት።

አፈሩ ቀድሞ ተደልድሎ ነበር። ደቻሳ ውኃ ልኩን አስቀምጦ፣ በአንዱ ጠርዝ ሥር ጠጠር አስገብቶ አስተካከለው። ስድስት ከሃያ። መምህር ወልደጻድቅ በራሳቸው እግር፣ የማንንም ክንድ ሳይቀበሉ ጉብታውን ወጡ። ካባቸውን አወለቁ። ጫማና ካልሲያቸውን አውልቀው ጎን ለጎን አሰለፉ። በመጨረሻም ከዘራቸውን ለሰምሃል ሰጡ፤ ቋሚ በምንም ነገር አይደገፍምና። በድንጋዩ ላይ ወጥተው ፊታቸውን ወደ ሰሜን አዞሩ። እግራቸው ቅርጹን ሞላው።

ከዘራውን ሲለቁት ነው ነገሩ ፈጦ የወጣው። አንገታቸውና ትከሻቸው ወደ ፊት አዘመሙ። የጭንቅላታቸው ጥላ ከእግራቸው ጣት ፊት፣ በድንጋዩ ጠርዝ ላይ፣ እንደ ትንሽ ጥቁር ሳህን ተቀመጠ።

«ስንት?» አሉ፣ እንደ ሥርዓቱ።

ካልእ የሚናገረው እግር የለካውን ብቻ ነው። ደቻሳ ተንበርክኮ ለካ። «አንድ ጫማ፣ የኔታ።»

«ገና ናት።»

ጠበቁ። ደቻሳ ቀና ብሎ የመብራቱን ምሰሶ አየ። ጥላው ጭብጥ የማይሞላ ሆኗል። ሰምሃል ከዘራውን በሁለት እጇ ይዛ ዓይኗን ከደቻሳ ላይ አላነሣችም። አብዱልጀባር ስልኩን በመዳፉ ከልሎ ይመለከታል። ከታች የመዶሻው ድምፅ ቀድሞ ይመጣል፤ መዶሻው ይከተላል።

«ስንት?»

«አንድ ጫማ።»

«ገና ናት» አሉ መምህሩ። በድምፃቸው ጥርጥር የሚባል ነገር አልነበረም። ሠላሳ አንድ ዓመት ጥላቸው ዋሽቶባቸው አያውቅም።

ምሰሶው ጥላውን ዋጠ። ብረቱ በገዛ ሥሩ ላይ ቆመ፤ በዙሪያው ያለው ጭንጫ ከዳር እስከ ዳር በብርሃን ነጣ። ስድስት ከሃያ አራት። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ ለዚህች እውነት ግን የሚያድር ጊዜ አልቀረላትም። ደቻሳ ዝም ቢል፣ እኒህ ሰው በሕይወታቸው ሙሉ የጠበቋት ማኅበር በገዛ እግራቸው ላይ ትበተናለች፤ ለምን እንደ ተበተነችም ሳያውቁ ይሞታሉ።

«የኔታ» አለ። «ፀሐይ ደርሳለች። ያልቀናው ጀርባዎ ነው።»

መምህሩ ዓይናቸውን ከድንጋዩ ጠርዝ አነሡ።

«ምን አልህ?»

«ጀርባዎ ጎብጧል። ምሰሶውን ይመልከቱ።»

መምህር ወልደጻድቅ ምሰሶውን አዩ። ከዚያም ማንም ያልጠበቀውን ነገር አደረጉ፤ ሊቃኑ ሞከሩ። ጉልበታቸው ተወጠረ፣ የአንገታቸው ጅማት ተገተረ፣ በድንጋዩ ላይ ያለው ጥላ አንድ ጣት ያህል ወደ ኋላ ሸሸ። አንድ ጣት ብቻ። ከዚያ ትንፋሻቸው አለቀና ጥላው ወደ ነበረበት ተመለሰ። ደቻሳ ፊቱን ሊያዞር ፈልጎ አላዞረም። ካልእ ነውና ማየት አለበት።

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ሦስት ዓመት።»

«መዝገቡ ግን ልክ ነው። በየወሩ አነበዋለሁ።»

«መዝገቡን እኔ ነኝ ያቃናሁት። ዛሬ ጠዋት አሥራ አራት ደቂቃ ቀድመው ነው የጠሩት።»

«ምነው?»

«አከበርኩዎ።»

«አይደለም» አሉ መምህሩ። አልጮኹም። «አዘንህልኝ። የሚከበር ሰው ይነገረዋል።»

ይህ ቃል ደቻሳን ከጥፊ ይልቅ አቃጠለው።

«የኔታ» አለ አብዱልጀባር በቀስታ፣ «ሃያ አምስት ሊል ነው።»

መምህር ወልደጻድቅ ከድንጋዩ ወረዱ። ሲወርዱ ማንም አልደገፋቸውም፤ እርሳቸውም ማንንም አልፈለጉም። ባዶ እግራቸውን በጭንጫው ላይ ቆመው፣ አለቃ ወታደሩን በሚያዝበት ድምፅ፣ «ጫማህን አውልቅ» አሉ።

«የኔታ፣ እኔ በመዝገብ ላይ የዋሸሁ ሰው…»

«ስለ እርሱ ሌላ ጊዜ እንነጋገራለን። እኔም ሆንሁ አንተ እዚህ የመጣነው ስለ ራሳችን ልንነጋገር አይደለም። ቁም።»

ደቻሳ ጫማውን አወለቀ። ድንጋዩ ከመምህሩ እግር ገና ይሞቅ ነበር። ተረከዙ ሰፊ ስለ ሆነ ቅርጹ መጀመሪያ አልተቀበለውም፤ ጥቂት ሲያደላድለው ተቀበለው። ትከሻውን ለቀቀ፣ አንገቱን አቀና፣ ዓይኑን ከሸለቆው ማዶ ተከለ። ፀሐይ በአናቱ መካከል ላይ እንደ መዳፍ ስትቀመጥ ተሰማው።

ሽማግሌው በሰምሃል ትከሻ ተደግፈው ተንበረከኩ። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ሌላ ሰው በእርሳቸው እግር ሥር ያደረገውን ሁሉ አንድ ሳያጎድሉ አደረጉ። በቀኝ እጃቸው ጠቋሚ ጣት የደቻሳን የግራ እግር፣ ቀጥሎም የቀኙን ዞሩ፤ በተረከዙ ኋላ፣ በጣቶቹ ፊት፣ በውስጥ ጎን። ጣታቸው የነካው ሁሉ ብርሃን ነበር።

«ስንት?» አለ ደቻሳ፣ እንደ ሥርዓቱ። ድምፁ አልሰለለም። በዚህ እርሱ ራሱ ተገረመ።

«አልቦ» አሉ መምህር ወልደጻድቅ።

«ቀትር ነው» ብሎ ጠራ ደቻሳ።

ከጉብታው በታች መዶሻ ወረደ፤ ድምፁም ከመዶሻው ጋር እኩል ደረሰ። እንደገና ወረደ፤ እንደገና ገጠመ። የሸለቆው ወፎች ለአፍታ ዝም ብለው ከዚያ ሁሉም በአንድ ላይ ተንጫጩ። ሰምሃል ሳታስበው ደብተሯን ከፈተችና፣ የምትጽፈው ነገር እንደሌለ አይታ መልሳ ዘጋችው። አብዱልጀባር ስልኩን ወደ ኪሱ ከትቶ፣ በዝቅተኛ ድምፅ አልሐምዱሊላህ አለ።

መምህሩ ግን ገና ተንበርክከው ነበር። ጣታቸውን በድንጋዩ ላይ እንዳሳረፉ ቀሩ፤ ፊታቸው አይታይም። ደቻሳ ይህን ማየት አልቻለም። ዕለቲቱ ከተጠራች ቋሚው መውረድ ይፈቀድለታልና ወረደ። አሥራ ዘጠኝ ዓመት የኖረበትን ልማድ ተከትሎም ጉልበታቸውን ሊስም ወገቡን ሰበረ።

የሽማግሌው መዳፍ ደረቱ ላይ አርፎ አቆመው። እጁ የሰማንያ ሁለት ዓመት ሰው እጅ ነበረ፤ ግን አልተበገረለትም።

«ቋሚ ለማንም አያጎነብስም። ለእኔም ቢሆን።»

«ይቅርታ ልጠይቅዎ ነው፣ የኔታ። ይቅርታ ከጉልበት ላይ ነው የሚጠየቀው።»

«ለሌላው ሰው እንዲያ ነው። አንተ ከዛሬ ወዲያ እንደ ቆምህ ትጠይቃለህ። ከባድ ነው፤ የሰው ዓይን እያዩ መጠየቅ። እኔ በሠላሳ አንድ ዓመት አንድም ቀን አልተሳካልኝም።»

ሰምሃል ከዘራውን አቀበለቻቸው። ተደግፈው ተነሡ፤ ደቻሳ ሊያነሣቸው እጁን ሳይዘረጋ ቀጥ ብሎ ጠበቀ። በሕይወቱ እንደዚያች ቅጽበት እጁ ከብዶት አያውቅም። ሲቆሙ፣ አንገታቸው ወደ ፊት ያዘነበለ ነበርና እርሱን ለማየት ዓይናቸውን ወደ ላይ ማንሣት ነበረባቸው። አነሡት። ያፈረ ሰው ዓይን አልነበረም።

«ሦስት ዓመት ዋሽቼዎታለሁ» አለ ደቻሳ። «ዓይንዎን እያየሁ መናገር ነበረብኝ። ፈራሁ፤ ፍርሃቴንም አክብሮት አልሁት። ይቅር ይበሉኝ።»

መምህር ወልደጻድቅ ካባቸውን ከአብዱልጀባር እጅ ተቀብለው በትከሻቸው ላይ አደላደሉ። መዝገቡንም ጠየቁ። ሰምሃል ሰጠቻቸው።

«እግዚአብሔር ይቅር ይበልህ» አሉ። «እኔ ግን እስከ ዘጠኝ ሰዓቷ ጥሪ ላስብበት።»

ብለውም ከድንጋዩ በስተ ቀኝ፣ የካልእ ስፍራ በሆነው ጭንጫ ላይ ተቀመጡ፤ መዝገቡን በጭናቸው ዘርግተው ከሦስት ዓመት በፊት ያለውን ገጽ ፈለጉና፣ ሊያርሙት ብዕር ትሰጣቸው ዘንድ እጃቸውን ወደ ሰምሃል ዘረጉ።